አባባ ጤፋቸውን ጮክ ብለው የቆጠሩ ዕለት

የካሳ ገማች ኮሚቴው ከሰበታ ወጣ ብላ ወዳለችው ቀበሌያችን የመጣ ዕለት እኔ አልነበርኩም። ብኖር ኖሮ ነገሩ ሌላ ይሆን ነበር፤ ወይ ኮሚቴው ወይ እኔ ከዚያ ደጅ በጤና አንወጣም። ያኔ ቡራዩ ቤት ተከራይቼ በአንድ የመጀመሪያ ደረጃ ትምህርት ቤት ሒሳብ አስተምር ስለነበር አባቴን የማያቸው ቅዳሜ ቅዳሜ ነው። ከቡራዩ ታክሲ ይዤ ከተማ እገባለሁ፣ አየር ጤና እወርዳለሁ፣ ከዚያ ደግሞ ተጋፍቼ የሰበታውን እይዛለሁ። ያን ቅዳሜ ስደርስ አባባ ደጃፉ ላይ ተቀምጠው ጅራፍ ይገምዳሉ።

"መሬት የሚለኩት ሰዎች መጥተው ነበር" አሉኝ፤ ትናንት ዘንቦ ነበር እንደማለት አድርገው።

"ምን አሉ?"

"በዓመት ስንት ኩንታል ጤፍ ያገኛሉ ብለው ጠየቁኝ።"

"አንቱስ ምን መለሱ?"

"ምን እመልሳለሁ? ጥቂት ናት፣ ለቀለብም አትደርስ፣ ቢሆንም ተመስገን አልኳቸው። ሁለት ትሆናለች? ሦስት? ሲሉኝ፣ እሷንም ከሞላች ነው አልኩ።"

"ከዚያስ?"

"ከዚያማ ጻፉ።"

የያዝኩትን የሙዝ ፌስታል እዚያው ጣልኩት። አባቴ ውሸታም አልነበሩም፤ በሕይወታቸው ሙሉ ሰው ያታለሉበት ቀን አላውቅም። የተናገሩት ግን ከእውነቱ ሩቡንም አይሞላም። ይህንን የሚረዳልኝ በእኛ አገር አውድማ አጠገብ ያደገ ሰው ብቻ ነው።

በእኛ ዘንድ ምርት አይቆጠርም። ጤፉ ይበራያል፣ በነፋስ ይዘራል፣ በላይዳ ይዛቃል፣ በዝምታ ማዳበሪያ ውስጥ ይሞላል። ስንት እንደሆነ የሚያውቁት ፈጣሪና ጎተራው ናቸው። አውድማ ላይ "ስንት ሆነ?" ብሎ የሚጠይቅ ሰው ዓይኑ ያስፈራል፤ የሚመልስለት ደግሞ ከጠያቂው የባሰ ቂል ነው፣ በረከቱን በገዛ አፉ ያባርራል። በጥጋብ ዓመት እንኳ "አዝመራው እንዴት ነው?" ለተባለ ሰው መልሱ አንድ ነው፤ ተመስገን፣ ከመራብ ይሻላል። ልጅ ሳለሁ አንድ ጊዜ የተሞሉትን ማዳበሪያዎች በጣቴ እየጠቆምኩ ስቆጥር እናቴ፣ ነፍሷን ይማርና፣ በላይዳው እጀታ እጄን መታችኝ። ኋላ ሒሳብ አስተማሪ መሆኔን ስትሰማ መጀመሪያ አማትባ ነው እንኳን ደስ ያለሽ ያለችኝ።

ለኮሚቴው ግን ጨዋነት ምርት አይደለም። ሕጉ እንዲህ ይላል፤ መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ ስለዚህ ለመሬቱ ለራሱ ሽራፊ ሳንቲም አይከፈልም። የሚከፈለው የገበሬው ለሆነው፣ በላዩ ላይ ላለው ነው፤ ለቤቱ፣ ለአጥሩ፣ ለባሕር ዛፉ፣ ለአዝመራው። የአዝመራው ካሳ ሲሰላ የዓመቱ ምርት በገበያ ዋጋ ይባዛል፣ ያ ደግሞ እንደገና በዓመታት ይባዛል። አባባ ከአፋቸው ያወጧት ያቺ "እሷንም ከሞላች" የብዜቱ ሁሉ እናት ሆና ቁጭ አለች። ማታ ቁጭ ብዬ አሰላሁት። በዚያ ገንዘብ ሰበታ ላይ አንድ ክፍል የሚቀለስበት ቦታ እንኳ አይገዛም። ለአባቴ የሚደርሳቸው ቦታ መቃብር ብቻ ነበር፣ እሱም በነጻ ስለሆነ።

"ሰኞ ሄደው እውነቱን ይንገሯቸው" አልኳቸው።

"ላኪ" አሉ፣ በኦሮምኛ እንቢ ሲሉ ነገሩ አልቋል ማለት ነው። ቆየት ብለው ግን "ኢንተላ ኮ፣ ዝም አይነቅዝም" ብለው ጨመሩ፤ ኢንተላ ኮ ያሉት ልጄ ሆይ ማለታቸው ነው።

"ዝም ባይነቅዝም ካሳው ነቅዟል አባባ!"

ጅራፋቸውን አስቀመጡና ቀና ብለው አዩኝ። የተናገሩት ነገር እስከ ዛሬ ጆሮዬ ውስጥ አለ። "ገበያ ላይ ዋጋ የሚነጋገረው ሊሸጥ የመጣ ሰው ነው። እኔ ይሄን መሬት ገበያ አላወጣሁትም። ትንሽ ነው፣ ጨምሩልኝ ካልኩ ሸጥኩላቸው ማለት ነው።"

መልስ ሳጣ እቆጣለሁ፤ ይህ አመሌ ከማን እንደመጣ ሰፈሩ ሁሉ ያውቃል። "ባይሸጡትም ይወስዱታል!" ብዬ ጮህኩባቸው። እሳቸው ወደ ጅራፋቸው ተመለሱ።

ጊዜው የማስተር ፕላን ነገር በየቤቱ የገባበት ጊዜ ነበር። አዲስ አበባ ዙሪያዋን ሁሉ ልትጠቀልል ነው ተብሎ ወጣቱ ተነስቷል፤ ከሱሉልታ እስከ ሰበታ መንገዱ አንድ ቀን ይከፈታል፣ አንድ ቀን ድንጋይ ይደረደርበታል። የቡራዩ ተማሪዎቼ አንድ ጠዋት ክፍል ገብተው ደብተር ሳያወጡ ተያይዘው ወጡ። እነዚያ ማካፈል አልገባ ብሏቸው ያስመረሩኝ ልጆች ስለ መሬት የሚሉትን ሲሉ ስሰማ አፌን ይዤ ቀረሁ። ወዲያው ትምህርት ተቋረጠ። ወታደር የጫኑ መኪኖች በደጃችን ሲያልፉ የግቢው ሰው ሁሉ በር ዘግቶ ይተነፍሳል። በሦስተኛው ቀን ልብሴን ሸክፌ ወደ አባቴ መጣሁ፤ ግማሹን መንገድ በእግሬ ነው የሄድኩት።

ሰበታ በገባሁ በማግስቱ ወደ መሬት ጽሕፈት ቤቱ ሄድኩ። የአጥር ጎረቤታችን የሆኑ ሽማግሌ መንገድ ላይ አግኝተውኝ ወዴት እንደምሄድ ሲሰሙ ራሳቸውን ነቀነቁ። "ልጄ፣ ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ" አሉኝ።

"ሰማይስ አይታረስ፤ የእኛ መሬት ግን ሲታረስ የኖረ ነው፣ እሱን ነው የምነግራቸው" አልኩና አለፍኩ።

የካሳ ባለሙያው ከእኔ ብዙም የማይበልጥ፣ ጫማው የሚያብረቀርቅ ሰው ነበር። የአባቴን ጉዳይ ስነግረው ትዕግሥቱን ሰብስቦ ሰማኝ፣ ያ ደግሞ ይበልጥ አናደደኝ።

"ተረጂኝ እህቴ" አለ። "እኛ ከኪሳችን ያወጣነው ቁጥር አይደለም። አባትሽ ራሳቸው የተናገሩት ነው፣ ጣታቸውንም አሳርፈዋል።"

"አባቴ በጨዋ ደንብ ነው የተናገሩት።"

"አንድ ሰው ሊሳሳት ይችላል። እኛ ግን ጎረቤቶቻቸውንም ጠይቀን አመሳክረናል። የሁሉም ቃል ተመሳሳይ ነው።"

ሳቄ መጣ። በእርግጥ ተመሳሳይ ነው! ያ ሁሉ አባወራ ተራ በተራ እየተጠራ "ጥቂት ናት፣ ተመስገን" ብሎ ወጥቷል። በሰፈራችን ጤፍ በልቶ ያደረ ሰው የለም ማለት ነው።

"እሺ፣ የጻፋችሁት እውነት ይሁን" አልኩት፣ ድምፄ በር አልፎ እየተሰማ። "በዚህ ምርት አንድ ቤተሰብ ከጥር አያልፍም። እንግዲያው ይህ ሁሉ ሕዝብ በየዓመቱ ሲራብ የት ነበራችሁ? የእርዳታ ስንዴው የታለ? አንድ ቀበሌ ሙሉ በችጋር ሲያልቅ ዝም ብላችሁ አይታችኋል ልበል? ወይስ አልተራበም፣ ቁጥሩ ነው ውሸት? አንዱን ምረጥልኝ።"

ኮሪደሩ ላይ ወረፋ የያዙት ገበሬዎች ወደ በሩ ተጠጉ። ከኋላ አንዱ "ጎሽ!" አለ። ባለሙያው በሩን አየት አደረገ። በዚያ ሰሞን መሥሪያ ቤት ውስጥ ድምፅ ሲበዛ ውጭ ምን እንደሚከተል ማንም አያውቅም ነበር፤ እኔም እሱ የፈራውን ነገር ፈርቼ ነበር ብል ውሸት ይሆንብኛል።

ጣቶቹን አቆላልፎ ትንሽ አሰበ። "የዘንድሮው ጤፍ ተወቅቷል?"

"ክምር ላይ ነው።"

"አባትሽ ከፈቀዱ ኮሚቴው አውድማው ላይ ተገኝቶ ይመዝናል። በዓይናችን ያየነውን እንጽፋለን። ለጎረቤቶቹም ያው ነው። ካልፈቀዱ ግን የጻፍነው ይጸናል።"

አሸንፌ ወጣሁ ብዬ ፈንጥዤ ነበር። ግማሽ መንገድ ስደርስ ነው ምን ይዤ እንደምሄድ የገባኝ። አባቴን በአውድማቸው ላይ፣ በባዕድ ፊት፣ ምርታቸውን ያስቆጥሩ ልላቸው ነው። መሬቱን ከመጠየቅ አይተናነስም።

ማታ ጎረቤታችን ሽማግሌውና ሌሎች ሁለት አባወራዎች እኛ ቤት ተሰበሰቡ። ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ነው የሚነጋገሩት፤ ያኔ አራት ሰው አንድ ላይ መቀመጡም ያስጠረጥር ነበር። አንደኛው በረከት ከሸሸ በገንዘብ አይገዛም አሉ። ሌላው፣ ልጃቸው በዚያ ሳምንት ተይዞ የታሰረባቸው፣ "መሬቱ ከሄደ በረከቱ የት ሊቀመጥ ነው? እኔ ቤት አልጋ ላይ?" ብለው ተቆጡ። ሽማግሌው በአንድ ወገን የልጅቷ ነገር እውነት አለው፣ በአንድ ወገን ደግሞ ደንብ ደንብ ነው እያሉ እንደ ሚዛን ሲወዛወዙ አመሹ። እኔ ያለኝን ሁሉ ተናግሬ ጨረስኩ፤ ሒሳቡንም፣ ቁጣውንም፣ ልመናውንም።

ሰዎቹ ሊነሱ ሲሉ ነው አባባ የተናገሩት። "ይምጡ" አሉ። "ጫማቸውን አውልቀው ይግቡ እንጂ ይምጡ።"

ጤፉ የተበራየ ዕለት መንገዱ ድንጋይ ተደርድሮበት ነበርና ኮሚቴው መኪናውን ትቶ በእግር ነው የደረሰው። ባለሙያው፣ አንድ ሚዛን የተሸከመ ሰው፣ አንዲት ጸሐፊ። በእበት የተለቀለቀው አውድማ ጫፍ ላይ አባባ ቆመው ጠበቋቸው። "አካም ቡልተኒ" ብለው በወጉ ሰላም አሏቸው፤ ከዚያ የእንግዶቹን እግር አዩ። ባለሙያው መጀመሪያ አልገባውም። ሲገባው አጎንብሶ የሚያብረቀርቀውን ጫማ ፈታ፣ ካልሲውን አወጣ፣ ነጭ እግሩን ገለባው ላይ አሳርፎ እንደ ዶሮ አንዴ አንዱን አንዴ ሌላውን እያነሳ ቆመ። ደቦ የወጡት ወንዶች ሳቃቸውን በመንሻቸው ጀርባ ደበቁ። እኔ አልደበቅኩም።

ምርቱ ተዘርቶ፣ ተጣርቶ፣ መሐል ላይ ተቆልሎ ነበር። የመጀመሪያው ማዳበሪያ ተሞልቶ ሚዛኑ ላይ ተንጠለጠለ። ባለሙያው "አንድ ሰው ጮክ ብሎ ይቁጠር፣ ጸሐፊዋ ትጻፍ፣ በኋላ ክርክር እንዳይነሳ" አለ። ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። እኔም ተዘጋጅቼበት ነበር፤ ኃጢአቱ ከሆነም የእኔ ይሁን፣ የወር ደመወዝተኛ ነኝ፣ ከእኔ የሚሸሽ በረከት ምን አለ ብዬ። አፌን ከፈትኩ።

"ላኪ" አሉ አባባ።

ላይዳቸውን ተደግፈው ወደ መሐል ገቡ። ኮፍያቸውን አወለቁ። ቀና ብለው ማሳውን ከጫፍ እስከ ጫፍ አዩት፤ ከዚያ በሕይወቴ ሰምቼው በማላውቀው ድምፅ "ቶኮ!" ብለው ጮኹ።

አንድ ማለታቸው ነው። በሬዎቹን ወደ ቤት የሚነዳው ሰው ቆመ። ሁለተኛው ማዳበሪያ ተሰቀለ። "ለማ!" ሦስተኛው። "ሰዲ!" በየማዳበሪያው ድምፃቸው ይጨምር ነበር እንጂ አይቀንስም። ወዲያ ማዶ ያሉ አውድማዎች ላይ ሰዎች ሥራቸውን አቁመው ቆሙ፤ አባባ ለኮሚቴው አልነበረም የሚቆጥሩት፣ ለአገሩ ሁሉ ነበር። ጸሐፊዋ መጻፏን ትታ ቀና ብላ ታያቸዋለች፣ ባለሙያው ነው "ጻፊ" ያላት። ስንት እንደደረሰ እዚህ አልጽፈውም። ኮሚቴው ይወቀው፣ ያን ቀን የሰማ ጎረቤት ይወቀው፤ እኔ የእናቴ ልጅ ነኝ።

እንደ እውነቱ ከሆነ አለቀስኩ። ሳስበው የነበረው ድል ይህን አይመስልም ነበር። አባቴ ገበሬ ከሆኑ ጀምሮ የጠበቁትን ነገር በአንድ ጠዋት በገዛ አፋቸው እየበተኑት ነበር፤ ከዚህ በኋላ ያ መሬት ያብቅልልኝ ብለው መለመን እንደማይችሉ እያወቁ ነው የጮኹት። መጨረሻውን ቆጥረው ኮፍያቸውን ሲደፉ ከማዶው አውድማ ሌላ ድምፅ "ቶኮ!" አለ። ልጃቸው የታሰረባቸው አባወራ ነበሩ። ኮሚቴው ገና ወደ እሳቸው አልደረሰም፣ ሚዛንም የለም።

ከዚያ በኋላ ማስተር ፕላኑ ቀርቷል ተብሎ በሬዲዮ ተነገረ። ሰው በየመንገዱ ተቃቀፈ። እኔም የመሬት ጽሕፈት ቤቱ ፋይላችንን ይዘጋል ብዬ ሮጥኩ። "የእናንተ ከማስተር ፕላኑ ጋር አይገናኝም፣ ሌላ ፕሮጀክት ነው" ተባልኩ። ካሳው ግን በአዲሱ ምርት ተሰልቶ ነበር፤ ከፊተኛው ብዙ እጥፍ። ካሳው የሚሸፍናቸው ዓመታት ሲያልቁ አባቴ ምን ሊበሉ ነው ብዬ ጠየቅኩ። ፋይሉን አጥፈው ቀጣዩን ባለጉዳይ ጠሩ።

አባባን ይዤ የሄድኩት በመጋቢት ነው። ባለሙያው አክብሮ ወንበር ሰጣቸው፣ ወረቀቱንም አቀረበ። "አንብቢልኝ" አሉኝ። ማንበብ ጀመርኩ። "እኔ የይዞታው ባለቤት ለልማት በሚፈለገው ይዞታዬ ላይ ላፈራሁት ንብረት በተተመነልኝ ካሳ ተስማምቼ..."

"ቁሚ" አሉ። "ምን ብዬ?"

"ተስማምቼ።"

"እንዲህ ብያለሁ?" ወደ ባለሙያው ዞሩ። ድምፃቸው ረጋ ያለ ነበር። "ባለፈው ጥቂት ናት አልኩ፣ እሷን ጻፋችሁ። አውድማ ላይ የቆጠርኩትንም ጻፋችሁ። ይሄን ግን አላልኩም።"

"ኦቦ፣ ፎርሙ ለሁሉም አንድ ነው። ሰው ሁሉ የሚፈርመው ይህንኑ ነው።"

"ሰው ሁሉ ተስማምቷል?"

ባለሙያው ያለ ፊርማ ገንዘቡ እንደማይወጣ ነገራቸው። አባባ ጣታቸውን ቀለሙ ላይ ጫኑ። ጣቱን ግን ወረቀቱ ላይ አላሳረፉትም፣ አየር ላይ እንደያዙት ተቀመጡ። ተቀመጥን። ባለጉዳይ ይገባል፣ ያያቸዋል፣ ይወጣል። ስለምን እንደተቀመጡ ከበር ውጭ ተወራ፤ አንድ ሁለት ሽማግሌ ገብተው ግድግዳውን ተደግፈው ቆሙ፣ ከዚያ ሌሎች መጡ። በመጨረሻ ባለሙያው እስክሪብቶውን አንስቶ ያቺን ቃል ሰረዛት፣ በላይዋ "ተቀብዬ" ብሎ ጻፈ፣ አጠገቡ ፈረመ። ያን ጊዜ ሰውየውን ወደድኩት፣ ሳልፈልግ።

አባባ እንደገና አስነበቡኝ። ከዚያ ጣታቸውን አሳረፉ።

ሰኔ ገባ። ዶዘር ይመጣል ሲባል የከረመው አልመጣም፤ ዝናቡ ግን መጣ። አንድ ጠዋት አባባ ጥማዳቸውን ይዘው ወረዱ። ዋለ አደረ፣ እርሻውን ደጋገሙት። ሐምሌ ላይ የዘሩን ጤፍ ይዤላቸው ማሳው ዳር ቆሜ ሳለ የቀበሌው ሰው ጃንጥላውን ዘርግቶ በጭቃው እየተንሸራተተ መጣ።

"ኦቦ፣ ምን እያደረጉ ነው?" አለ። "ይሄ እኮ ካሳ የተከፈለበት መሬት ነው።"

"አውቃለሁ።"

"ነገ ከነገ ወዲያ ዶዘሩ ይገባል። ገና ሳይበቅል ይገለብጠዋል እኮ። ዘሩ ይባክናል!"

አባባ ከእኔ እጅ ጤፉን ተቀበሉ፤ እጃቸውን ሞልተው ዘገኑ።

"መሬቱ የመንግሥት ነው ብላችሁኛል" አሉት። "ዘሩ የእኔ ነው። ይባክን።"

በተኑት።